ፈቃዱ የሟች ነው፣ እንጀራው የቤተሰቡ

በሰሜን ሕንድ፣ በኡታር ፕራዴሽ ክልል፣ አንዲት እናት የመንግሥት የራሽን ሱቅ ፈቃድ ነበራቸው። ወንድ ልጃቸው ቀድሟቸው ሞቷል። ምራታቸው ትንንሽ ልጆቿን ይዛ ቀርታለች። እ.ኤ.አ. በኤፕሪል 2021 እሳቸውም ዐረፉ። ምራቲቱ ሱቁ በስሟ እንዲዛወርላት ለሚመለከተው መሥሪያ ቤት አመለከተች፤ ማመልከቻዋ ግን ውድቅ ተደረገ። ምክንያቱ ሱቁን መምራት አትችልም የሚል አልነበረም። ሟቿ እህል አጉድለዋል የሚል ክስም አልቀረበም። የክልሉ መንግሥት እ.ኤ.አ. ኦገስት 5 ቀን 2019 ባወጣው መመሪያ ላይ «ቤተሰብ» ተብለው ከተዘረዘሩት ሰዎች መካከል ምራት አልተጻፈችም፤ ነገሩ በዚሁ አለቀ። ጉዳዩ አላሃባድ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ደርሶ ዲሴምበር 2021 ላይ ውሳኔ አገኘ። ፍርድ ቤቱ ምራትን ከቤተሰብ ውጭ ማድረግ አግባብ አይደለም ብሎ፣ መንግሥት ትርጓሜውን እንዲያስተካክል አዘዘ።

ውሳኔው ትክክል ነው ብለን እናምናለን። የሚያሳስበን ነገር ግን ከዚህ አንድ መዝገብ በላይ ነው። በሕንድ የራሽን ሱቅ ባለፈቃድ በሞተ ቁጥር ተመሳሳይ ጥያቄ ይነሣል፤ ሱቁ የማን ይሁን? መልሱ እንደየክልሉ፣ እንደየመመሪያው፣ አንዳንዴም ማመልከቻውን እንደተቀበለው ሹም ይለያያል። ሐዘን ላይ ያለ ቤተሰብ በእያንዳንዱ ጠረጴዛ ፊት «እናንተ እነማን ናችሁ?» ተብሎ እንዲጠየቅ የሚያደርግ አሠራር ሊታረም ይገባል። አቋማችንን አስቀድመን እንናገር። የራሽን ሱቅ ፈቃድ እንደ ቤትና እንደ ከብት የሚወረስ ንብረት አይደለም። ሆኖም በሱቁ ገቢ ሲተዳደር የኖረና ሱቁን ማስተዳደር የሚችል የሟች ቤተሰብ፣ ወንድ ሆነ ሴት፣ ያገባ ሆነ ያላገባ፣ በአጭርና በተቆረጠ ጊዜ ውስጥ ቅድሚያ ሊያገኝ ይገባል። ይህም ለአንድ ጊዜ ብቻ መሆን አለበት።

ነገሩን ለመፍረድ መጀመሪያ ሱቁን ማወቅ ያስፈልጋል። ሕንድ ውስጥ ከ500,000 በላይ እንዲህ ዓይነት ሱቆች አሉ። መንግሥት ከገበሬው የገዛውን ስንዴና ሩዝ ከሕዝብ እጅ የሚያደርሱት እነሱ ናቸው። ሥርዓቱ ረጅም ታሪክ አለው። የ1943ቱ የቤንጋል ረኃብ ሚሊዮኖችን ከፈጀ በኋላ እህልን በተመን ማከፋፈል የመንግሥት ግዴታ እየሆነ መጣ። በ1965 የሕንድ ምግብ ኮርፖሬሽን ተቋቋመ፤ በ1997 ድሆችን ለይቶ የሚያከፋፍል ሥርዓት ተዘረጋ፤ በ2013 ደግሞ ብሔራዊ የምግብ ዋስትና ሕግ ወጣ። በዚህ ሕግ መሠረት ከገጠሩ ሕዝብ እስከ 75 በመቶ፣ ከከተማው እስከ 50 በመቶ የሚሆነው እህል የማግኘት መብት አለው። ድርሻው ለአንድ ሰው በወር 5 ኪሎ ነው፤ እጅግ ድሃ ተብለው ለተለዩ ቤተሰቦች ደግሞ በቤተሰብ 35 ኪሎ። ሩዝ በኪሎ 3 ሩፒ፣ ስንዴ 2 ሩፒ ሲሸጥ ቆይቶ፣ ከጃንዋሪ 2023 ጀምሮ በነፃ ይታደላል።

የዚህ ሁሉ ሰንሰለት መጨረሻ ያቺ ጠባብ ሱቅ ናት። ጆንያ ተደርድሯል፣ ሚዛን ቆሟል፣ ጠረጴዛው ላይ ትንሽ የአሻራ ማሽን ተቀምጣለች። ባለሱቁ ጠዋት ማሽኗን የሚከፍታት በራሱ አሻራ ነው። ከዚያ በኋላ የራሽን ካርድ የያዘው ሰው፣ ባለካርዱ፣ አውራ ጣቱን ያስነካል፣ ማሽኗ ስሙንና ድርሻውን ታወጣለች፣ እህሉ ይመዘናል፣ ደረሰኝ ይወጣል። አሻራቸው በሥራ ብዛት የተፋቀ አዛውንት ጣታቸውን እየጠረጉ ደጋግመው ሲሞክሩ ወረፋው ይቆማል። ባለሱቁ የሰፈሩን ሰው በስም ያውቃል፤ የትኛዋ እናት ብቻዋን እንደምትኖር፣ የትኛው ቤት ልጆች እንደበዙ ያውቃል። በደጉም በክፉውም ይህ እውቀት ትልቅ ሥልጣን ነው።

የገቢውን ነገር ደግሞ ብዙ ሰው አጋኖ ያየዋል። ማዕከላዊው መንግሥት በ2022 ባሻሻለው ተመን፣ በአብዛኞቹ ክልሎች የሱቁ ኮሚሽን በኩንታል 90 ሩፒ ነው፤ በአሻራ ማሽን ለተሸጠ 21 ሩፒ ይጨመርበታል። አስቸጋሪ መልክዓ ምድር ላላቸው ልዩ ክልሎች መነሻው 180 ሩፒ ነው። አስልተን እንየው። በየቤቱ 4 ሰው ያለባቸው 500 ቤተሰቦችን የሚያገለግል ሱቅ በወር 100 ኩንታል ያድላል። ኮሚሽኑ ተጨማሪውን ጨምሮ 11,100 ሩፒ ይሆናል። ከዚህ ላይ ኪራይ አለ፣ መብራት አለ፣ ጆንያ የሚያወርድ የቀን ሠራተኛ አለ። አንዳንድ ክልሎች ከራሳቸው ይጨምራሉ፤ ክፍያው ዘግይቶ ይመጣል የሚለው የባለሱቆቹ ቅሬታም የቆየ ነው። እህል እየሰረቁ የከበሩ እንዳሉ አይካድም። በሐቅ የሚሠራው ግን ከእጅ ወደ አፍ የሚኖር ነው፤ እሱ ሲሞት ቤቱ ውስጥ የተቀመጠ ጥሪት አይገኝም።

እንግዲህ ባለፈቃዱ ይሞታል። በዚያው ቀን ሁለት ነገር ይሆናል። ማሽኗን የሚከፍተው አሻራ የለም፤ ፈቃዱም በስሙ ስለነበር ከእሱ ጋር ይቆማል። ባለካርዶቹ እህል ማጣት ስለሌለባቸው መሥሪያ ቤቱ ሱቁን በአቅራቢያው ካለ ሌላ ሱቅ ጋር ያያይዘዋል። ይህ ተገቢ እርምጃ ነው። ችግሩ ጊዜያዊ የተባለው ነገር ሲከርም ነው። ባለካርዱ ሁለት ሰፈር አቋርጦ ይሄዳል፤ አጎራባቹ ባለሱቅ የሁለት ሱቅ ኮሚሽን መብላት ይለምዳል፤ መበለቲቱ የሞት ምስክር ወረቀት፣ የቤተሰብ ማረጋገጫ፣ የሌሎቹን ወራሾች የስምምነት ፊርማ፣ የመኖሪያና የትምህርት ማስረጃ ለማሟላት ስትመላለስ ከሐዘን ልብሷ ሳትወጣ ወራት ያልፋሉ። ሱቁ ከሌላ ጋር ተያይዞ በከረመ ቁጥር ወደ ቤተሰቡ እንዳይመለስ የሚፈልግ ሰው ቁጥርም ይጨምራል። ለዚህ ነው የጊዜ ገደብ የጉዳዩ ዋና ነገር ነው የምንለው። መብት ሰጥቶ መልሱን ማዘግየት መብቱን ከመንፈግ አይለይም።

ሕጉ በዚህ ላይ ምን ይላል? የራሽን ሱቅ ፈቃድ መሠረቱ በ1955ቱ የመሠረታዊ ሸቀጦች ሕግና በ2015 የወጣው የሕዝብ ማከፋፈያ ቁጥጥር ትእዛዝ ነው። የዝርዝሩ ጉዳይ ለክልሎች ስለተተወ፣ ሟች ሲኖር የሚሆነውን እያንዳንዱ ክልል በራሱ ትእዛዝና መመሪያ ይወስናል። በኡታር ፕራዴሽ ገጠር ሱቅ ሲለቀቅ ለማን ይሰጥ የሚለው በመንደሩ ጉባኤ ግልጽ ስብሰባ የሚወሰን ሲሆን፣ ባለፈቃዱ የሞተበት ሱቅ ግን የሟቹ ስም መልካም ከነበረ ለጥገኛው እንዲሰጥ ተፈቅዷል። ይህ «የርኅራኄ መንገድ» የሚባለው ነው።

የርኅራኄው ሐሳብ የመጣው ከመንግሥት ሥራ ነው። ሠራተኛ በሥራ ላይ እያለ ሲሞት ከቤተሰቡ አንድ ሰው ይቀጠራል። የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ1994 በኡሜሽ ኩማር ናግፓል ጉዳይ የዚህን ልክ አስቀምጧል። እንዲህ ያለው ቅጥር መብት አይደለም፤ ከአጠቃላዩ ደንብ የወጣ ልዩ ሁኔታ ነው፤ ዓላማው ቤተሰቡ ድንገት የወደቀበትን ችግር እንዲሻገር መርዳት ነው። ሟች ሥራ ስለነበረው ብቻ ልጁ ሥራ ይገባዋል ማለት አይደለም። ይህን መርሕ እንቀበላለን። ግን መርሑን የሚጠቅሱ ሹማምንት ብዙ ጊዜ የሚያነቡት የመጀመሪያውን ግማሽ ነው። «መብት አይደለም» የሚለውን ይይዛሉ፤ «ድንገተኛ ችግር» የሚለውን ይዘሉታል። ድንገተኛ ችግርን ለማቃለል የወጣ ድንጋጌ ከተቸገረው ሰው ፊት ዓመት የሚፈጅ የወረቀት ተራራ የሚያቆም ከሆነ ዓላማውን ስቷል።

ወደ ሴቶቹ እንመለስ፤ ክርክሩ ሁሉ እነሱ ላይ ነውና። ለመንግሥት ሥራ ሲሆን፣ ያገባች ሴት ልጅ ከሟች ቤተሰብ ትቆጠራለች ወይ የሚለው ጥያቄ በኡታር ፕራዴሽ ቀደም ብሎ ተፈትቷል። እ.ኤ.አ. በ2015 አላሃባድ ከፍተኛ ፍርድ ቤት፣ ያገባች ሴት ልጅን ከሟች ቤተሰብ ውጭ የሚያደርገውን ደንብ ከሕገ መንግሥቱ ጋር ይጋጫል ብሎ ሽሮታል። ወንድ ልጅ ቢያገባም ባያገባም ልጅ ነው፤ ሴት ልጅ ስታገባ ግን ከአባቷ ቤት ተሰረዘች ማለት በጾታ ማድላት ነው ተባለ። ፍርዱ ግልጽ ነበር። ሆኖም ከአራት ዓመት በኋላ ያው ክልል ለራሽን ሱቅ ባወጣው መመሪያ ላይ የቤተሰቡን ስም ዝርዝር እንደገና ጽፎ ምራትን ሳያስገባ ቀረ።

በ2021ዱ ውሳኔ የማንስማማበት አንድ ነገር አለ። ፍርድ ቤቱ ምራትን ለማስገባት ሲል ምራት ከሴት ልጅ የበለጠ የቤተሰብ መብት አላት ወደሚል አነጋገር ሄዷል። ሴት ልጅ ስታገባ ትወጣለች፣ ምራት ግን ገብታ ትኖራለች የሚለው ልማድ ከዚህ አነጋገር ጀርባ ይታያል። በብዙ ቤት እውነታው እንዲያ ሊሆን ይችላል። ነገር ግን የታመመ አባቷን እያስታመመች፣ ሱቁን ጠዋት እየከፈተች፣ መዝገቡን እየጻፈች የኖረች ያገባች ሴት ልጅም አለች። አንዷን መብት ለመስጠት ሌላዋን ዝቅ ማድረግ አያስፈልግም። የሚጠየቀው ጥያቄ አንድ ነው፤ በሱቁ ስትተዳደር የኖረችውና ሱቁን ልትመራ የምትችለው ማን ናት? ይህ በጎረቤት ምስክርነት፣ በቤቱ የራሽን ካርድና በሱቁ መዝገብ የሚታወቅ ነገር ነው። ዝምድናን በደረጃ ደርድሮ የላይኛውን መምረጥ የቢሮ ሥራን ያቀላል፤ ፍትሕ ግን አይሆንም።

የሚያስገርመው ደግሞ የምግብ ዋስትና ሕጉ ራሱ ለሴት የሰጠው ቦታ ነው። የ2013ቱ ሕግ አንቀጽ 13 የራሽን ካርድ ሲሰጥ የቤቱ ራስ ሆና የምትመዘገበው በዕድሜ ትልቋ፣ 18 ዓመት የሞላት ሴት ናት ይላል። ሕግ አውጪው እህሉ ከእናት እጅ ከገባ ልጆች አፍ እንደሚደርስ ዐውቆ ነው። አንቀጽ 12 ላይም ሱቆች ሲሰጡ ለመንደር ምክር ቤቶች፣ ለኅብረት ሥራ ማኅበራትና ለራስ አገዝ ቡድኖች ቅድሚያ እንዲሰጥ፣ አስተዳደሩም ለሴቶችና ለማኅበራቶቻቸው እንዲሆን ይጠቁማል። እህል ለመቀበል የቤቱ ራስ የሆነች ሴት እህሉን ለማከፋፈል ስትጠይቅ የቤቱ አባል አይደለሽም መባሏ፣ ከአንዱ ሕግ ውስጥ ሁለት ተቃራኒ ፍርድ ማውጣት ነው።

ከዚህ አቋም የሚቃረኑ ሰዎች ያላቸው ሙግት ቀላል አይደለም። ሱቅ ከአባት ወደ ልጅ፣ ከልጅ ወደ ልጅ ልጅ የሚሄድ ከሆነ መንደሩ ውስጥ አንድ ቤት የእህል ባላባት ይሆናል ይላሉ። የመሬት አልባው፣ የዝቅተኛው ወገን፣ የሴቶች ማኅበር ተራ መቼ ይደርሳል? ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በሜይ 2003 በሰጠው ትእዛዝ ሱቃቸውን በሰዓቱ የማይከፍቱ፣ ከተመን በላይ የሚሸጡ፣ የድሆችን ካርድ ይዘው የሚያስቀሩ፣ የሐሰት መዝገብ የሚጽፉና እህሉን ወደ ጥቁር ገበያ የሚያሻግሩ ባለሱቆች ፈቃዳቸው እንዲሰረዝ ያዘዘው ያለ ምክንያት አይደለም። ቻቲስጋር ክልል በ2004 የግል ባለሱቆችን አስወጥቶ ሱቆቹን ለመንደር ምክር ቤቶች፣ ለኅብረት ሥራ ማኅበራትና ለሴቶች ቡድኖች ሰጠ፤ ሥርጭቱም በግልጽ ተሻሻለ። በታሚል ናዱም አብዛኞቹን ሱቆች የሚያስተዳድሩት ኅብረት ሥራ ማኅበራት ናቸው። እዚያ ሱቅ የሚሠራ ሰው ቢሞት ሱቁ ነገም ይከፈታል። የማን ይሁን የሚል ሙግትም የለም።

ይህን ሙግት በቁም ነገር እንወስደዋለን። የሩቁ መፍትሔ የቻቲስጋርና የታሚል ናዱ መንገድ ይመስለናል። ነገር ግን የሩቁን ተስፋ ይዞ የዛሬዋን መበለት ባዶ እጇን መስደድ አይገባም። አንድ ክልል ሱቁን ለግለሰብ ሰጥቶ፣ ግለሰቡ ቤቱን በዚያ ላይ መሥርቶ ከኖረ በኋላ፣ ሰውየው ሲሞት ብቻ «ሱቁ የሕዝብ ነው» የሚለው መርሕ ትዝ ሊለው አይችልም። ሥርዓቱን መለወጥ የፈለገ በአዋጅ፣ ለሁሉም እኩል፣ ቀን ቆርጦ ይለውጥ። የሟች ቤት የለውጡ መጀመሪያ መሆን የለበትም። በሌላ በኩል ባላባትነቱ እንዳይመጣ መፍትሔው «ለአንድ ጊዜ ብቻ» ያልነው ነው። ለጥገኛው የተሰጠ ፈቃድ ሌላ ጥገኛ አይወልድ። እሱ ወይም እሷ ሲያርፉ ሱቁ ወደ መንደሩ ጉባኤ ይመለስ፣ ማኅበራትም ይወዳደሩበት።

ሟቹ የተከሰሰ ከነበረስ? ፈቃዱ በሌብነት የተሰረዘ ሰው ቤተሰብ በርኅራኄ መንገድ ሊመጣ አይገባም፤ ጉዳቱ የደረሰው ከእሱ በላይ ድሃ በሆኑ ባለካርዶች ላይ ነውና። ነገር ግን ይግባኙ ገና እየታየ ሳለ ቢሞት፣ ይግባኙ ከሰውየው ጋር ተቀብሮ መቅረት የለበትም። ቤተሰቡ ጉዳዩን ይዞ እስከ ፍርድ መሄድ አለበት። ያልተፈረደበት ሰው ልጆች በአባታቸው ጥፋት አይቀጡም።

በዚህ ሁሉ ክርክር ውስጥ ድምፃቸው የማይሰማ ሰዎች አሉ፤ ባለካርዶቹ። ሱቁ የቆመው ለእነሱ ነው። ስለዚህ ጥገኛው ቅድሚያ ያገኛል ስንል ባለካርዶቹ ሳይጠየቁ ማለታችን አይደለም። ሟቹ በዘመኑ እንዴት ያድል እንደነበር ከእነሱ በላይ የሚያውቅ የለም። የመንደሩ ጉባኤ ተጠርቶ፣ ቅሬታ ያለው ተናግሮ፣ በዚያው ቀን ቃለ ጉባኤ ቢያዝ ከመሥሪያ ቤት መዝገብ የተሻለ ማስረጃ ይገኛል። የመሥሪያ ቤቱ መርማሪ ከቢሮው ሆኖ «የሟቹ ስም መልካም ነበር» ወይም «አልነበረም» ብሎ የሚጽፈው ግን ለጉቦ በር ይከፍታል።

ለእኛ አገር አንባቢ ይህ የሩቅ ወሬ አይደለም። በደርግ ዘመን የቀበሌ ሱቅ ወረፋ የተሰለፈ ሰው የተመን ሸቀጥ ምን እንደሆነ ያውቃል። ዛሬም ስኳርና ዘይት በሸማቾች ኅብረት ሥራ ማኅበራት በኩል ሲታደል ሻጩ ማን እንደሆነና ማን እንደሚቆጣጠረው የየቤቱ ጉዳይ ነው። የማኅበር ሱቅ ስለሆነ ሻጩ ሲሞት ሱቁ የማን ይሁን የሚል ሙግት አልገጠመንም። ነገር ግን በአንድ ሰው ስም በተጻፈ ፈቃድ የሚተዳደር ቤት በእኛም አገር ብዙ ነው፤ ባለፈቃዱ ሲያልፍም ልጆቹ በየመስኮቱ የሚጠየቁት ከሕንዷ መበለት ጥያቄ ብዙም አይርቅም።

የሕንድ ክልሎች ሊያደርጉት የሚገባው ከባድ አይደለም። ባለፈቃዱ በሞተ ማግስት ሱቁ በቤተሰቡ ውስጥ ባለ አንድ አዋቂ ሰው ጊዜያዊ አሻራ ይከፈት፤ የሱቁ ኮሚሽንም ለዚያ ቤት ይከፈል። ማመልከቻው በ60 ቀን ውስጥ በጽሑፍና በምክንያት ይመለስ፤ ካልተመለሰ ጊዜያዊ ፈቃዱ ጸንቶ እንዲቆይ ሕጉ ይደንግግ። ጥገኛ የሚለው ቃል በሱቁ ስትተዳደር የኖረችን ሚስት፣ ሴት ልጅና ምራት ሁሉ ይያዝ፤ ያገባች፣ ያላገባች፣ የተፋታች የሚሉት ቅጽሎች ከመመሪያው ላይ ይፋቁ። ፈቃዱ ለአንድ ትውልድ ብቻ እንደሚሰጥ በግልጽ ይጻፍ። ማዕከላዊው መንግሥትም የ2015ቱን ትእዛዝ ከፍቶ ይህን ለሁሉም ክልሎች አንድ ወጥ ያድርግ። ፍርድ ቤት ያዘዘውን አንድ ክልል ብቻ እስኪፈጽም ሌላው መጠበቅ የለበትም፤ በሚቀጥለው ወር እህል ሲታደል አንድ ባለሱቅ ሞቶ፣ አንዲት ምራት ማመልከቻ ይዛ በር ላይ ትቆማለችና።